የመስከረሙ ጨዋታ የሚጀመረው በሚያዝያ ነው፦ ከባሕር ዳር የተጻፈ ግልጽ ደብዳቤ

ለኢትዮጵያ እግር ኳስ ፌዴሬሽን
አዲስ አበባ

ለአማራ ክልል ወጣቶችና ስፖርት ቢሮ
ባሕር ዳር

ጉዳዩ፦ የብሔራዊ ቡድኑን የአፍሪካ ዋንጫ ማጣሪያ ዝግጅትና የባሕር ዳር ስታዲየምን ሜዳ ይመለከታል

በቅድሚያ ሰላምታችንን እናቀርባለን።

ይህን ደብዳቤ የጻፍነው በባሕር ዳር ሣር የምናጭድ፣ የምናጠጣና የምናዳብር ሠራተኞች ከአካል ብቃት አሠልጣኞች ጋር ሆነን ነው። ስለ ስታዲየሙ ወንበር፣ ስለ ጣሪያው፣ ስለ መብራቱና ስለ መልበሻ ክፍሉ ብዙ ተብሏል፤ የሚመለከታቸው ሰዎችም አሉ። እኛ የምናነሣው ተጫዋቹ የሚረግጠውን የላይኛውን 30 ሳንቲ ሜትር ነው። ከዚያ ቀጥለን ቡድኑ እዚህ ካምፕ ቢገባ ምን እንደሚገጥመው ጥቂት እንላለን።

ዋልያዎቹ እዚህ ያደረጓቸው ጨዋታዎች ከሕዝቡ አእምሮ አልጠፉም። ኅዳር 9 ቀን 2012 አይቮሪኮስትን 2 ለ 1፣ መጋቢት 15 ቀን 2013 ማዳጋስካርን 4 ለ 0 ያሸነፉት በዚህ ሜዳ ነው፤ ለካሜሩኑ የአፍሪካ ዋንጫ ያበቃቸውም የእነዚያ ጨዋታዎች ነጥብ ነው። ጳጉሜን 2 ቀን 2013 ዚምባብዌን 1 ለ 0 ረቱ። መስከረም 29 ቀን 2014 በደቡብ አፍሪካ 3 ለ 1 ተሸነፉ። ከዚያ በኋላ ካፍ (የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽን) ስታዲየሙ መስፈርቱን አያሟላም አለና ቡድኑ ስደት ወጣ፤ በዚያው ኅዳር ጋናን "በሜዳው" ያስተናገደው ደቡብ አፍሪካ ሄዶ ነው። ሰኔ 2 ቀን 2014 ግብጽን 2 ለ 0 ሲያሸንፍም አስተናጋጅ ተብሎ የተመዘገበው ሊሎንግዌ ላይ ነበር። ያን የመሰለ ውጤት በሰው አገር ሜዳ!

ፈቃድ መስጠትና መንሳት የካፍ መርማሪዎች ሥራ ነው፤ እዚያ ውስጥ አንገባም። የሚያሳስበን እነሱ በሄዱ ማግሥት የሚሆነው ነው። መርማሪ የሚያየው የአንድ ቀን ሜዳ ነው፤ ሣር ግን ዓመቱን ሙሉ ይበላል፣ ይጠጣል፣ ይታመማል። ለምርመራ ሳምንት በዩሪያ አረንጓዴ የተደረገ ሜዳ ለእንግዳ ሲባል እንደተለሰነ ግድግዳ ነው፤ የመጀመሪያው ዝናብ ያጋልጠዋል። ስለዚህ ጥያቄያችን አንድ ነው፦ የሜዳው እንክብካቤ ከቡድኑ የዝግጅት ዕቅድ ውስጥ ይግባ፣ ከአሠልጣኙ መርሐ ግብር ጋር አንድ ሰነድ ላይ ይጻፍ፣ የራሱ ቋሚ በጀትና ቋሚ ሠራተኛም ይኑረው።

ከመሬቱ እንነሣ። በጣና ዙሪያ ያለው ሜዳማ ምድር ብዙው ዋልካ፣ ማለትም ጥቁር ሸክላ አፈር ነው። ፎገራ ሩዝ የሚያበቅለው ውኃው ስለማይሰርግ ነው፤ ለሩዙ የተመቸው ያ ጠባይ የኳስ ሜዳን ይገድላል። ዋልካ ሲርስ ያብጣል፣ ሲደርቅ ተሰንጥቆ እጅ ያስገባል። በክረምት ተጫዋቹ ሲሮጥበት ቀዳዳዎቹ ይደፈናሉ፤ ሥሩ አየር ያጣል፤ ሣሩ ላይ ላዩን ብቻ ይይዝና መታጠፍ የፈለገ ተጫዋች እንደ ምንጣፍ ገፎት ይሄዳል።

ይህን ዋልካ የሚመኝ ስፖርት መኖሩ ይገርማል። ክሪኬት ኳሱ የሚነጥርበትን 20 ሜትር ከ12 ሳንቲ ሜትር ርዝመት ያለው ሰቅ ከከባድ ሸክላ አፈር ነው የሚሠራው፤ በሕንድ ብዙ ሜዳዎች ላይ የእኛኑ የመሰለ ጥቁር አፈር ይረጫል፣ ይርሳል፣ ከዚያ ለቀናት በሮለር ይዳመጣል። እግር ኳስ ከክሪኬት አፈሩን ሊዋስ አይችልም፤ ልማዱን ግን ቢዋስ ይጠቀማል። የክሪኬት ብሔራዊ ቡድን ለታላቅ ውድድር ሲሰናዳ የሜዳው ኃላፊ ከአሠልጣኙ እኩል ይጠየቃል። የሚሄዱበት አገር ሰቅ ደረቅና የሚሰነጣጠቅ ከሆነ በአገራቸው የልምምድ ቦታ ያንኑ የሚመስል ያዘጋጃሉ። እኛ ዘንድ ሜዳው የሚታወሰው ጨዋታው ሦስት ቀን ሲቀረው ነው።

በዋልካ ላይ የሚያዛልቀው መፍትሔ አንድ ነው፦ ሜዳውን ከዋልካው መለየት። ከታች በ5 ሜትር ልዩነት የተቀበሩ ባለ ቀዳዳ የማፋሰሻ ቱቦዎች፣ በላያቸው 10 ሳንቲ ሜትር የታጠበ ጠጠር፣ በዚያ ላይ 30 ሳንቲ ሜትር አሸዋ። የመጫወቻው ክልል 105 በ68 ሜትር ነው፤ ከመስመር ውጭ ያለው ጠርዝ ሲጨመር 8,000 ካሬ ሜትር ይጠጋል። ይህ ማለት 2,400 ሜትር ኩብ አሸዋና 800 ሜትር ኩብ ጠጠር ነው። 16 ሜትር ኩብ በሚጭን ሲኖትራክ አሸዋው ብቻ 150 ምልልስ ይፈልጋል፤ ሲጠቀጠቅ ስለሚወርድ 25 ያህል ምልልስ ተጨማሪ መያዝ ብልህነት ነው። ከመሐል ወደ ጎን ከ0.5 እስከ 1 በመቶ ተዳፋት ይበቃል። ከዚያ ከበለጠ ኳሱ ራሱ ወደ መስመር መንከባለል ይጀምራል።

ትልቁ ስሕተት የሚፈጸመው አሸዋው ላይ ነው። ወንዝ ዳር የሚወጣው አሸዋ ለኮንክሪት ይሁን እንጂ ለሜዳ የሚሆነው ጥቂቱ ነው። አብዛኛው ቅንጣት ከሩብ ሚሊ ሜትር እስከ 1 ሚሊ ሜትር መሆን አለበት፤ ደለል የበዛበት ከሆነ በሁለተኛው ክረምት እንደ ሲሚንቶ ይደፈናል። ላቦራቶሪ መላክ ግዴታ ነው፤ ግን መኪናው በር ላይ ቆሞ ሳለ በሃይላንድ ጠርሙስ መፈተን ይቻላል። ጠርሙሱን እስከ ሲሶው አሸዋ ይሙሉት፣ ውኃና ትንሽ ፈሳሽ ሳሙና ይጨምሩበት፣ አንድ ደቂቃ በደንብ ይነቅንቁት፣ እስከ ማግሥቱ ያስቀምጡት። አሸዋው ወዲያው ይወርዳል፣ ደለሉ በላዩ ይነጠፋል። አሸዋው 10 ሳንቲ ሜትር ሆኖ ደለሉ ከ5 ሚሊ ሜትር ከበለጠ መኪናው ይመለስ። ከመቶው ምልልስ አንዱን ሳይሆን እያንዳንዱን መፈተን ያስፈልጋል፤ ምክንያቱም አንድ መጥፎ ጭነት ግብ ጠባቂው ፊት ቢገለበጥ ሜዳው የሚለካው በዚያች ቦታ ነው።

ሁለተኛው ስሕተት "ሣሩ እንዲለመልም" ተብሎ በአሸዋው ላይ ጥቁር አፈር መደልደል ነው። አንዳንዴ ማንም ሳያስበው ይሆናል፦ ዋልካ ላይ የበቀለ ሣር ከነአፈሩ እንደ ምንጣፍ ተጠቅልሎ ይመጣና ይነጠፋል። ከሥሩ ያለው የሦስት ሳንቲ ሜትር ሸክላ ከታች የፈሰሰውን ገንዘብ ሁሉ ይከድነዋል። ውኃ ከሸክላው አልፎ ወደ አሸዋው አይወርድም፤ ሥሩም እዚያው ይቀራል። ተጠቅልሎ የመጣ ሣር ከሆነ አፈሩ በውኃ ታጥቦ ሥሩ ነጭ እስኪሆን ድረስ መጽዳት አለበት፤ አለበለዚያ ራሱ አሸዋ ላይ የበቀለ ይሁን። እንደ እኛ እምነት ግን ርካሹና አስተማማኙ ቁራጭ ሥር መትከል ነው። ሰርዶ ለዚህ የተፈጠረ ሣር ነው፤ ገበሬው በእርሻው ስንት ዓመት ሲነቅለው የኖረው በከንቱ አይደለም። ጎን ለጎን ይሳባል፣ የተቆረጠውን ራሱ ይሞላል፣ ሙቀት ይወዳል። በመጋቢት መጨረሻ ወይም በሚያዝያ ተተክሎ በቀን ሁለት ሦስት ጊዜ በቀጭኑ ከተረጨ ከ8 እስከ 12 ሳምንት ውስጥ መሬቱን ይሸፍናል። ሰኔ ሲገባ ያልሸፈነ ከሆነ ዝናቡ አሸዋውን ወደ ጠርዝ ያጥበዋል፤ ሐምሌ ላይ የሚተከል ሣር ጎርፍ ሲያዩበት መክረም ነው። የደብዳቤያችን ርእስ ሚያዝያን የጠራው ለዚህ ነው።

ኪኩዩ የሚባለውን ሣር የሚመርጡ አሉ፤ በደጋ ሜዳዎች ላይ በእርግጥ ይበረታል። ነገር ግን ቶሎ ይወፍራል፣ ከሥሩ ስፖንጅ ይሠራል፣ ኳሱን ያዘገያል። ቡድኑ የሚጫወተው አጭር ቅብብል ከሆነ ሰርዶ ይሻለዋል። ሁለቱ አንድ ሜዳ ላይ መቀላቀል ደግሞ የከፋ ነው፤ የተለያየ ፍጥነት ስላላቸው ኳሱ በአንዱ ጥግ ይሮጣል፣ በሌላው ይተኛል።

ባሕር ዳር በዓመት ከ1,400 ሚሊ ሜትር የማያንስ ዝናብ ታገኛለች፤ አብዛኛው ከሰኔ እስከ መስከረም ይወርዳል። አንድ ከሰዓት በኋላ 40 ሚሊ ሜትር ቢጥል በሜዳው ላይ ብቻ 320 ሺህ ሊትር ውኃ ወረደ ማለት ነው። ጤነኛ የአሸዋ ሜዳ በሰዓት 150 ሚሊ ሜትርና ከዚያ በላይ ያሰርጋል፤ የተጠቀጠቀ ሜዳ 20 አይሞላም። ይህን ለማወቅ ውድ መሣሪያ አያስፈልግም። ከላይም ከታችም የተከፈተ የቀለም ቆርቆሮ 5 ሳንቲ ሜትር ወደ መሬት ይመታል፣ መጀመሪያ ውኃ አጠጥቶ ማርካት፣ ከዚያ 50 ሚሊ ሜትር ውኃ ሞልቶ በሰዓት መያዝ ነው። በ20 ደቂቃ ካለቀ ደኅና ነው። ሰዓት ተኩል ከቆየ ሜዳው ታሟል። ሁለቱ የግብ ክልሎች፣ መሐል ሜዳውና የመስመር ዳኛው የሚሮጥበት መስመር ለየብቻ ይለኩ፤ አማካይ ቁጥር እዚህ ላይ ያታልላል።

የሚታመመው ሜዳ መድኃኒቱ መብሳት ነው። ውስጡ ባዶ የሆነ ሹል ከ8 እስከ 10 ሳንቲ ሜትር እየገባ የአፈር ቁራጭ ያወጣል፤ ቁራጩ ይጠረጋል፤ ቀዳዳው በዚያው በተፈተነው አሸዋ ይሞላል። 3 ሚሊ ሜትር አሸዋ በመላው ሜዳ ለማልበስ 24 ሜትር ኩብ፣ ማለትም ሲኖትራክ ተኩል ያህል ይበቃል። በዓመት ሁለት ጊዜ፣ በሚያዝያና በጥቅምት መጨረሻ። ሰርዶ በሚያድግበት ወቅት ነው የሚበሳው፤ ታኅሣሥና ጥር ሌሊቱ ስለሚቀዘቅዝ እድገቱ ይቆማል፣ ቢጫም ይመታዋል፣ ያኔ የተበሳ ቀዳዳ ለሁለት ወር አፉን ከፍቶ ይቆያል። ቢጫውን አይቶ ዩሪያ መጨመርም ከንቱ ነው፤ የቀዘቀዘ ሥር አይበላም።

ማዳበሪያን በሚመለከት፦ በሚያድግበት ወቅት በወር ለካሬ ሜትር 5 ግራም ናይትሮጅን እንሰጣለን። ዩሪያ 46 በመቶው ናይትሮጅን ስለሆነ ለ8,000 ካሬ ሜትር 87 ኪሎ ነው። በአንዴ አይበተንም፤ አሸዋ ምንም አይይዝም፣ የሐምሌ ዝናብ ያጥበዋል። በሁለት ወይም በሦስት ተከፍሎ፣ ሣሩ ደረቅ ሳለ ተበትኖ ወዲያው ይጠጣል፤ ካልጠጣ ያቃጥላል። ጨዋታ ሊደረግ 10 ቀን ሲቀረው ናይትሮጅን ይቆማል። ወፍራም፣ ውኃ የቋጠረ ቅጠል በጫማ ስለሚቀደድ ነው።

አጨዳው በሳምንት ሦስት ጊዜ፣ 25 ሚሊ ሜትር ላይ ነው። ሣሩ 37 ሚሊ ሜትር ሳይደርስ መታጨድ አለበት፤ ከቁመቱ ሲሶ በላይ በአንዴ ከተቆረጠ ነጭ አገዳው ይወጣና ሜዳው ለሳምንት የታመመ ይመስላል። በክረምት "ዝናብ ነበር" ተብሎ ለዘጠኝ ቀን ሳይታጨድ ቆይቶ ጨዋታው ሲደርስ ወደ 25 መውረድ ትልቁ በደል ይህ ነው። 75 ሳንቲ ሜትር ስፋት ያለው ሲሊንደር ማጨጃ የያዘ ሰው በአንድ አጨዳ 10 ኪሎ ሜትር ይጓዛል፤ ስለዚህ ሁለት ማሽንና አራት የሠለጠነ ሰው ቅንጦት አይደለም። የሲሊንደሩ ስለት ወረቀት እንደ መቀስ ካልቆረጠ ይሳል። ለማሽኑ ብዙ ገንዘብ ተከፍሎ መሳያ ሳይገዛ መቅረት የተለመደ ነው።

በበጋ ውኃ በቀን 5 ሚሊ ሜትር ይፈልጋል፤ ይህ 40 ሺህ ሊትር፣ ባለ 10 ሺህ ሊትር ቦቴ አራት ጊዜ ማለት ነው። ከጣና የሚሳብ ከሆነ ማጣሪያ ይገጠምለት፤ የሐይቁ አልጌና የእምቦጭ ሥር የመርጫውን አፍ ይዘጋል። እምቦጩን ራሱን አበስብሶ ለሜዳ ማዳበሪያ የማድረግ ሐሳብ አልፎ አልፎ ይነሣል። ለአትክልት ይሞከር፤ ለስታዲየም አሸዋ ግን አይሆንም፤ ብስባሹ ራሱ አሸዋውን ይደፍናል።

ስለ ተምች ሳንናገር አናልፍም። የዝናብ መጀመሪያ ላይ ወፎች ሜዳው ላይ በብዛት ቢወርዱ ደስ የሚል እይታ ነው፤ ግን የሚለቅሙት ነገር ስላለ ነው። 4 ሊትር ውኃ ውስጥ ሁለት የሾርባ ማንኪያ የዕቃ ማጠቢያ ፈሳሽ ሳሙና ጨምሮ በአንድ ካሬ ሜትር ላይ ማፍሰስ፤ ተምች ካለ በጥቂት ደቂቃ ወደ ላይ ይወጣል። ካልታየና ካልተረጨ አንድ ሜዳ በሦስትና በአራት ሌሊት ይበላል። መስመር በኖራ ማሥመርም ይቅር፤ ኖራ ዓይንና የተላጠ ጉልበት ያቃጥላል፣ ሣሩንም ይገድላል፣ ከዓመት ዓመት መስመሩ ጉድጓድ ይሆናል። በውኃ የሚበጠበጥ ቀለም አለ። የመስመሩ ስፋት ከ12 ሳንቲ ሜትር አይበልጥ።

አሁን ይህን ከቡድኑ መርሐ ግብር ጋር እናገናኘው። ብሔራዊ ቡድኑ የሚጫወትባቸውን መስኮቶች (ክለቦች ተጫዋቾችን ለብሔራዊ ቡድን የሚለቁባቸውን ቀናት) የሚወስነው ፊፋ ነው፤ ዝናቡን የሚወስነው ሌላ ነው። የኅዳሩ መስኮት ለባሕር ዳር ምርጡ ነው፦ ዝናቡ አቁሟል፣ መሬቱ ሞቃት ነው፣ ሣሩ ጥጋብ ላይ ነው። የመጋቢቱ ደረቅ ነው፤ ሰርዶው ከቅዝቃዜው ገና እየተነሣ ስለሆነ ከየካቲት አጋማሽ ጀምሮ ውኃና ማዳበሪያ ካላገኘ መላጣ ይሆናል። የሰኔው በዝናቡ መግቢያ ላይ ነው። አስቸጋሪው መስከረም ነው። ፊፋ እ.ኤ.አ. ከ2026 ጀምሮ የሴፕቴምበርንና የኦክቶበርን መስኮቶች አዋህዷቸዋል፦ በ2019 ዓ.ም. ከመስከረም 11 እስከ 26፣ በ16 ቀን ውስጥ እስከ አራት ጨዋታ። ይህ ማለት ሦስት ወር ዝናብ የጠጣ መሬት ላይ ሁለት የሜዳ ጨዋታ በተከታታይ ሊውል ይችላል ማለት ነው። አንድ ጨዋታ የ90 ደቂቃ ብቻ አይደለም፤ ማሟሟቂያው ሲጨመር፣ በዋዜማው ሁለቱም ቡድኖች አንዳንድ ሰዓት ሲለማመዱ ሜዳው ከአራት ሰዓት በላይ ይረገጣል። በዚያ ወቅት እኛ ለሜዳው የምንፈቅደው በሳምንት ከ6 ሰዓት የማይበልጥ ነው።

ስለዚህ ዋልያዎቹ በዋዜማው ሌላ ቦታ ይለማመዱ፤ ለዚህም ሁለተኛ ሜዳ ያስፈልጋል፤ ያው አሸዋ፣ ያው ሰርዶ፣ ያው 25 ሚሊ ሜትር። የመልመጃው ሣር 40 ሚሊ ሜትር፣ የስታዲየሙ 25 ከሆነ ተጫዋቹ ሳምንቱን ሙሉ የተማረው የኳስ ክብደት በመጀመሪያው ሩብ ሰዓት ያሳስተዋል። ግብ ጠባቂዎች የሚያሟሙቁበት ተንቀሳቃሽ ግብ ከትልቁ ግብ ፊት ወደ ጎን ይወሰድ። ሰልፍ፣ ኮንሰርትና የምረቃ በዓል ከጨዋታ በፊት ባሉት ስድስት ሳምንታት ሣሩ ላይ አይደረግ። ይህን ማስፈጸም ለሜዳ ሠራተኛ ከባድ ነው፤ ትእዛዙ ከእናንተ በጽሑፍ ቢመጣ ይቀለናል።

ቡድኑ ወደ ውጭ ሲሄድም ይኸው ሜዳ ያገለግላል። የ2027ቱ የአፍሪካ ዋንጫ በኬንያ፣ በኡጋንዳና በታንዛኒያ የሚካሄድ ነው፤ ወደዚያ የሚያደርሰው ማጣሪያ ደግሞ ከሰው ሠራሽ ሣር እስከ ባሕር ጠረፍ ሙቀት ሁሉንም ያመጣል። አሠልጣኙ የሚሄድበትን ሜዳ ዓይነት ከሦስት ሳምንት በፊት ቢነግረን መልመጃውን ማፍጠን ወይም ማዘግየት እንችላለን፦ ለፈጣን ሜዳ ወደ 22 ሚሊ ሜትር ዝቅ አድርጎ ከልምምዱ በፊት ውኃ መርጨት፣ ለከባድ ሜዳ 32 ላይ መተው። ኳስ ከ2 ሜትር ከፍታ ጥሎ ምን ያህል እንደምትነጥር መለካትም ቀላል ነው። ለምርጥ ሰው ሠራሽ ሣር ፊፋ የሚፈቅደው ከ60 እስከ 85 ሳንቲ ሜትር ነው፤ ለእኛም ሣር ጥሩ መነሻ ይሆናል። ከ60 በታች ከሆነ መሬቱ ጭቃ ነው ወይም ሣሩ ስፖንጅ ሠርቷል፤ ከ85 በላይ ከሆነ ተጠቅጥቋል፣ ጉልበትም ይጎዳል።

ባሕር ዳር 1,800 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ናት። የአየሩ ግፊት ከባሕር ጠለል አንጻር 80 በመቶ ያህል ስለሆነ ከታች የሚመጣ እንግዳ ቡድን መጨረሻው ሃያ ደቂቃ ላይ ይከብደዋል፤ ረጅም ኳስም ከጠበቀው በላይ ይሄድበታል። በተቃራኒው ግን የእኛ ልጆች ወደ ዳሬ ሰላም ሲወርዱ ትንፋሽ አያንሳቸውም፤ የሚጥላቸው ሙቀቱና ወበቁ ነው። ሰውነት ሙቀት ለመልመድ ከ10 እስከ 14 ቀን ይፈልጋል፤ የፊፋ መስኮት ይህን አይሰጥም። በአገር ውስጥ ሊግ ለሚጫወቱት ግን ቀድሞ መጀመር ይቻላል። በመጋቢትና በሚያዝያ የባሕር ዳር የቀን ሙቀት 30 ዲግሪ ይደርሳል፤ ከቀኑ 8 ሰዓት እስከ 9 ሰዓት ተኩል፣ በመጀመሪያ በቀላል ሩጫ፣ ከአራተኛው ቀን በኋላ በኳስ። የእኛ ሙቀት ደረቅ ነው፤ የጠረፉ እርጥብ ነው። ሙሉ በሙሉ አይተካውም፣ ግማሽ መንገድ ግን ያደርሳል። እያንዳንዱ ተጫዋች ከልምምድ በፊትና በኋላ ይመዘን፤ ለጎደለው አንድ ኪሎ እስከ አንድ ሊትር ተኩል ጨው ያለበት ፈሳሽ በቀጣዮቹ ሰዓታት ይጠጣ። ሚዛኑ ላይ ሁለት ኪሎ ጎድሎ የሚመጣና "አልጠማኝም" የሚል ተጫዋች ሁልጊዜ አለ፤ እሱ ነው ሁለተኛው አጋማሽ ላይ የሚዝለው።

የመጋቢቱ መስኮት ብዙ ጊዜ ከዐቢይ ጾም ጋር ይገጥማል፤ ረመዳንም በየዓመቱ እየቀደመ ይመጣል። ይህን ዝም ብሎ ማለፍ አይበጅም። የሚጾመውን ተጫዋች ልምምድ ወደሚበላበት ሰዓት ማስጠጋት ይቻላል፤ ሽሮ፣ ምስርና ባቄላ በመጠኑ ከጨመሩለት ፕሮቲኑን ያገኛል። በጾም ዓሣ ይበላል አይበላም የሚለውን ለአባቶች እንተወውና፣ የደም ብረት ክምችቱ ግን ከካምፑ ስድስት ሳምንት በፊት ይመርመር። በዋዜማው የታወቀ የብረት ማነስ በዋዜማው አይታከምም።

ሌላው ወባ ነው። በጣና ዳር ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ ይበዛል። ሐይቁ ዳር ያለ ሆቴል ውብ ነው፤ ምሽት ላይ በረንዳ ላይ የሚደረግ የቡድን ስብሰባ ግን ወደ ውስጥ ይግባ። አጎበር በየአልጋው፣ ረጅም እጅጌ ከ12 ሰዓት በኋላ። ትንኝ ነክሶ እስኪያሳምም ሳምንትና ከዚያ በላይ ስለሚፈጅ እዚህ የተነከሰ ተጫዋች የሚታመመው ወደ ክለቡ ከተመለሰ በኋላ ነው፤ የክለቡ ሐኪም ባሕር ዳር ከርሞ እንደነበር በጽሑፍ ሊነገረው ይገባል።

ከእናንተ የምንጠብቀው እንግዲህ የሚከተለው ነው። ለስታዲየሙና ለመልመጃው ሜዳ ስምንት ቋሚ ሠራተኛ ይመደብ፤ በጨዋታ ሰሞን የሚጠራ የቀን ሠራተኛ ሣር አያውቅም። የአሸዋ፣ የስለትና የመለዋወጫ ግዢ በጀት ከሐምሌ በፊት ይለቀቅ፤ በጀት ዓመቱ የሚዞረው ዝናቡ ሲበረታ በመሆኑ በየዓመቱ በሚያስፈልገን ሰዓት ካዝናው ዝግ ነው። ለሜዳው መዝገብ ይከፈትለት፦ ስንት ሰዓት ተረገጠ፣ ስንት ሚሊ ሜትር ዘነበ፣ ምን ያህል ሰረገ፣ መቼ ታጨደ። የዚህ መዝገብ አንድ ገጽ ጨዋታው 10 ቀን ሲቀረው ለዋናው አሠልጣኝ፣ ሌላ ቅጂ ለካፍ መርማሪ ይሰጥ። ሉሲዎቹም (የሴቶች ብሔራዊ ቡድኑ) በዚህ ሜዳ ሲጫወቱ መርሐ ግብራቸው እዚሁ መዝገብ ላይ ይግባ።

የቆርቆሮውን፣ የጠርሙሱንና የኳሱን ሙከራ በአንድ ቀን ጠዋት በእናንተ ባለሙያዎች ፊት ለማሳየት ፈቃደኞች ነን። ቢቻል ሚያዝያ ውስጥ፣ አሸዋው ሳይገዛ።

ከአክብሮት ጋር

በባሕር ዳር የሣር ሜዳ ሠራተኞችና የአካል ብቃት አሠልጣኞች

ግልባጭ፦
ለብሔራዊ ቡድኑ ዋና አሠልጣኝና የሕክምና ክፍል
ለባሕር ዳር ከተማ አስተዳደር
ለስታዲየሙ አስተዳደር